ያላየነውን የምናይበት ጥበብ፦ ሱሪያሊዝም በአጫጭር ፊልሞች

አንድሬ ብረተን እ.ኤ.አ. በ1924 ፓሪስ ላይ የሱሪያሊዝምን ማኒፌስቶ ሲያወጣ ዓላማው ሕልምንና እውንን ማገናኘት ነበር። ፊልም ለዚህ ተመቸ፤ በተለያየ ቦታና ጊዜ የተቀረጹ ምስሎችን ደርድሮ የማያያዙን ሥራ ለተመልካቹ ይተዋልና። አጭር ፊልም ደግሞ ታሪክ አሟልቶ የመጨረስ ዕዳ ስለሌለበት ይበልጥ ደፈረ።

በ1929 ሉዊስ ቡኑኤልና ሳልቫዶር ዳሊ በሠሩት «አን ሺያን አንዳሉ» ውስጥ ስስ ደመና ጨረቃን ያቋርጣል፤ ወዲያው ምላጭ ዐይን ይሰነጥቃል። የተሰነጠቀው የሞተ ጥጃ ዐይን ነው። በፊልሙ ያለችው ሴት ዐይን ያደረገው የተመልካቹ አእምሮ ነው። ቀጥሎ «ከስምንት ዓመት በኋላ» የሚል ጽሑፍ ይመጣል፤ ሰዎቹ ግን ቅንጣት አላረጁም።

በ1943 እንግዳው ነገር ቤት ገባ። ማያ ዴረንና ባለቤቷ አሌክሳንደር ሃሚድ «ሜሽስ ኦፍ ዘ አፍተርኑን»ን ሎስ አንጀለስ በሚገኘው መኖሪያቸው ቀረጹት። ቁልፍ፣ ቢላዋና የስልክ እጀታ እንኳ ያስፈራሉ። ቢላዋ የያዘችው ሴት ከወንበሯ ተነሥታ ስትራመድ አንዱ እርምጃ አሸዋ፣ ሌላው ሣር፣ ሌላው የእግረኛ መንገድ፣ የመጨረሻው ምንጣፍ ላይ ያርፋል። የሚቀጥለው እግሯ ብቻ ነው፤ እኛ ግን አንድ ጉዞ አድርገን እንቀበለዋለን።

ክሪስ ማርከር የሱሪያሊስቶች ቡድን አባል ባይሆንም በ1962 በሠራው «ላ ዤቴ» የሕልምንና የእውንን ጥያቄ ወደ ትዝታ ወሰደው። 28 ደቂቃ ገደማ የሚፈጀው ፊልም ከሞላ ጎደል በፎቶግራፍ ብቻ የተሠራ ነው። አንዲት የተኛች ሴት ዐይኗን ስትገልጥ ለሰከንዶች ምስሉ ይንቀሳቀሳል፤ እስከዚያ ድረስ የቆመ ምስል እያየን እንደነበር የሚታወቀን ያኔ ነው።

ቼኩ ያን ሽቫንክማየር በ1982 በሠራው አጭር ፊልም ዕቃዎችን አናገረ። ከሸክላ የተሠሩ ሁለት ጭንቅላቶች ከአፋቸው አንዱ የጥርስ ብሩሽ፣ ሌላው የጥርስ ሳሙና ያወጣሉ፤ ይግባባሉ። ቅደም ተከተሉ ሲዛባ ሳሙናው ጫማ ላይ ይፈስሳል፣ ንግግሩም ይፈርሳል። ሥራው በ1983 በበርሊን የፊልም ፌስቲቫል የአጫጭር ፊልሞችን ወርቃማ ድብ ሲሸለም በሠሪው አገር ግን ታገደ።

ዛሬ ኮምፒውተር የፈለጉትን ምስል ስለሚሠራ የሚቀልጥ ፊት ማንንም አያስደነግጥም። እነዚህ ፊልሞች ያላረጁት እንግዳነታቸው በምስሉ ላይ ሳይሆን በሁለት ምስሎች መካከል ስላለ ነው። ከፊልም ቤት ውጭም ዓለምን የምናየው በዚያው ልማድ ነው፤ ቁርጥራጩን ዐይን ያመጣል፣ «እውን ነው» የሚለውን ፍርድ የምንሰጠው እኛ ነን።