የእንጦጦ መንትያ ቴሌስኮፖች

የእንጦጦ ኦብዘርቫቶሪና የምርምር ማዕከል ከአዲስ አበባ በስተሰሜን፣ ከባሕር ወለል በላይ 3,200 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ይገኛል። ያቋቋመው በ1996 ዓ.ም. የተመሠረተው የኢትዮጵያ ስፔስ ሳይንስ ሶሳይቲ ሲሆን፣ ቴሌስኮፖቹ በ2006 ዓ.ም. ገደማ ተተከሉ።

ማዕከሉ ሁለት ተመሳሳይ ቴሌስኮፖች አሉት። የእያንዳንዳቸው ዋና መስተዋት ስፋት 1 ሜትር ነው። ከሰማይ የሚመጣው ብርሃን በጎድጓዳው ዋና መስተዋት ላይ ያርፋል፤ ከፊቱ ወዳለው ትንሽ መስተዋት ይነጥርና ከቴሌስኮፑ ጋር ወደተገጠመው መሣሪያ ይደርሳል። በጨለማ የሰፋ የሰው ዓይን ብሌን 7 ሚሊሜትር ያህል ስለሆነ፣ 1 ሜትር መስተዋት ከእሱ 20,000 ጊዜ የሚበልጥ ብርሃን ይሰበስባል። ምድር በሰዓት 15 ዲግሪ ስለምትዞር ቴሌስኮፑም ኮከቡን እየተከተለ ይዞራል፤ ካሜራው ብርሃኑን ለደቂቃዎች ማጠራቀም የሚችለው በዚህ ምክንያት ነው።

ፎቶግራፍ ብቻውን ስለ ኮከብ የሚናገረው ጥቂት ነው። ስፔክትሮግራፍ የተባለው መሣሪያ ብርሃኑን በቀለማት ይበትናል፤ ከቀለማቱ መሐል የሚታዩት ጥቋቁር መስመሮች ኮከቡ ከምን እንደተሠራና ምን ያህል እንደሚግል ያሳያሉ። መስመሮቹ ወዲያና ወዲህ ከተንሸራተቱ ኮከቡን የሚጎትተው ሌላ አካል ሊኖር ይችላል ማለት ነው። በ2012 ዓ.ም. ከኢትዮጵያ በቀረበ ሐሳብ «አቦል» የሚል ስም ያገኘችው ፕላኔት በሌሎች አገሮች ቴሌስኮፖች የተገኘችው በዚህ ዘዴ ነው። የምትዞረው ኮከብም «ቡና» ተብሏል።

የኢትዮጵያ ትልቁ ሀብት አቀማመጧ ነው። ከምድር ወገብ በስተሰሜን 10 ዲግሪ ገደማ ላይ ካለችው ደብረ ማርቆስ የሰሜን ኮከብ ከአድማሱ 10 ዲግሪ ብቻ ከፍ ብሎ ይታያል፤ በግንቦት አጋማሽ ከምሽቱ 3 ሰዓት አካባቢ ደግሞ የደቡብ መስቀል የተባለው የከዋክብት ስብስብ በደቡብ በኩል 20 ዲግሪ ያህል ከፍ ይላል። ከአውሮፓ ይህ ስብስብ አይታይም። እንጦጦም በተመሳሳይ የሰሜኑንና የደቡቡን ሰማይ አጣምሮ ያያል።

ይሁን እንጂ ከፍታ ብቻውን አይበቃም። እንጦጦ ለከተማ መቅረቡ መንገድና መብራት ሰጥቶታል፤ ለተማሪዎችም ያመቻል። የአዲስ አበባ መብራት ግን ደብዛዛ ከዋክብትን ይሸፍናል፣ በክረምትም ደመና ምልከታን ያስቆማል። የምሥራቅ ጎጃሙ ጮቄ ከ4,000 ሜትር በላይ ከፍ ብሎ ከእንጦጦ ይበልጣል። ሆኖም ወደ ዓባይ የሚፈሱ ብዙ ወንዞች የሚመነጩበት እርጥብ ተራራ ነው፤ ዝናብና ጉም የሚያዘወትሩት ስፍራ ደግሞ ለወንዝ እንጂ ለቴሌስኮፕ አይመችም። ጥሩ የምልከታ ቦታ ከፍ ያለ፣ ደረቅ፣ አየሩ የረጋና ከከተማ የራቀ መሆን አለበት።

ለትልቅ ኦብዘርቫቶሪ የሚሆን ቦታ ፍለጋው ወደ ላሊበላ አካባቢ ተራሮች ያመራው ለዚህ ነው። በዚያ የሚደረገው ጥናት ጥርት ያሉ ሌሊቶችን ቁጥር፣ የአየሩን እርጥበትና የከዋክብቱን ምስል መንቀጥቀጥ ይለካል። እስከዚያው የእንጦጦ ቴሌስኮፖች ዋና ሥራ የአገሪቱን የሥነ ፈለክ ተመራማሪዎች በተግባር ማሠልጠንና ብርሃናቸው የሚለዋወጥ ከዋክብትን መከታተል ነው።