ስመ ጥር ትምህርት ቤት የማን ልጅ ይግባበት?

ግምጃ ቤት ማለት የዕቃና የሀብት ማኖሪያ ማለት ነው። በአዊ አገር የምትገኘው የግምጃ ቤት ከተማም ስሟን የሚመስል ሥራ አላት፤ ነጋዴዎቿ ከአካባቢው ገበሬ እህልና ድንች ገዝተው ያከማቻሉ፤ ከአዲስ አበባ የሚመጣውን ሸቀጥም ይቸረችራሉ። ይሁን እንጂ በመጋዘን ከሚከማቸው ሁሉ የሚበልጠው ሀብት የልጅ ትምህርት መሆኑን ከነጋዴ ይልቅ የሚያውቅ የለም። «የተማረ ይግደለኝ» የሚለው አባባል በነጋዴው መዝገብ ላይ ወጪ ሆኖ ይነበባል፤ የትምህርት ቤት ክፍያ፣ የቤት ኪራይ፣ ቀለብና መጓጓዣ እየተባለ።

ዐቅም ያለው ባለ ሱቅ ልጁን ወደ ባሕር ዳር ወይም ወደ አዲስ አበባ ይልካል። ለዚሁ ባለ ሱቅ ድንቹን የሚሸጥለት ገበሬ ግን ልጁን የሚልከው እስከ ከተማው ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ድረስ ብቻ ነው። ልጁ ከጓደኞቹ ጋር አንዲት ጠባብ ክፍል ተከራይቶ፣ በሳምንቱ መጨረሻ ወደ ቤቱ ወርዶ፣ ስንቁን ተሸክሞ ይመለሳል። በአንደኛ ደረጃ አዊኛ ተምሯል፤ በላዩ አማርኛ ጨምሯል፤ ዘጠነኛ ክፍል ሲደርስ ደግሞ ሁሉንም ትምህርት በእንግሊዝኛ እንዲከታተል ይጠየቃል። በአዲስ አበባ ከመዋዕለ ሕፃናት ጀምሮ እንግሊዝኛ ሲሰማ ያደገው ልጅና ይህ ልጅ በመጨረሻ የሚቀመጡት ለአንድ ዓይነት ፈተና ነው።

ይህ ልዩነት ዛሬ የተፈጠረ አይደለም። በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን የመጀመሪያው ዘመናዊ ትምህርት ቤት ሲከፈት በአብዛኛው የተቀበለው የመኳንንትንና የባለሥልጣኖችን ልጆች ነበር። በ1917 ዓ.ም. የተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤት ተከተለ። ከጠላት ወረራ በኋላ ግን ሌላ በር ተከፈተ፤ ይኸውም እንደ ጄኔራል ዊንጌት ባሉ አዳሪ ትምህርት ቤቶች ከየጠቅላይ ግዛቱ በፈተና ብልጫ ያገኙ ልጆች በመንግሥት ወጪ እያደሩ እንዲማሩ መደረጉ ነው። በሩ ጠባብ ነበር፤ የሚገባበትም ጥቂት ነው። ሆኖም ያልታወቀ የገበሬ ልጅ ከሹም ልጅ ጎን በአንድ ወንበር ሊቀመጥ ይችል ነበር።

ሕዝቡ የዚህን በር ዋጋ ያውቅ እንደ ነበር በ1966 ዓ.ም. ታይቷል። ሴክተር ሪቪው በመባል የታወቀው ዕቅድ የብዙኃኑን ልጅ ትምህርት በአራት ዓመት ይገታዋል የሚል ሥጋት በማሳደሩ መምህራን ሥራ አቆሙ፤ ዕቅዱም ቀረ። ከዚያም የግል ትምህርት ቤቶች ተወረሱ፤ ከ1986 ዓ.ም. የትምህርት ፖሊሲ ወዲህ ግን የግል ትምህርት ቤቶች እንደገና በየከተማው በዙ። የመግቢያው መለኪያም ከፈተና ይልቅ ክፍያ እየሆነ መጣ።

ውጤቱ በቁጥር ተገልጧል። በ2014 ዓ.ም. የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ፈተና ከወሰዱት ተማሪዎች ሃምሳ በመቶና ከዚያ በላይ ያገኙት 3.3 በመቶ፣ በ2015 ዓ.ም. ደግሞ 3.2 በመቶ ብቻ ነበሩ። በሁለቱም ዓመታት አንድም ተማሪ ያላሳለፉ ትምህርት ቤቶች ከአንድ ሺህ በላይ ናቸው። ከዚያ ወዲህ ውጤቱ ከፍ ቢልም አብዛኛው ተፈታኝ አሁንም ይወድቃል። በአንጻሩ አዳሪ ትምህርት ቤቶች ከሌሎቹ በጎላ ሁኔታ የተሻለ ውጤት አሳይተዋል። ማደሪያ፣ ምግብ፣ መብራትና መጽሐፍ ያገኘ ልጅ የደኻ ልጅ በመሆኑ ብቻ እንደማይወድቅ ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አያስፈልግም። በአማራ ክልል ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በተነሣው ግጭት ብዙ ትምህርት ቤቶች መዘጋታቸው ደግሞ ጉዳቱን አክብዶታል፤ ገንዘብ ያለው ልጁን ወደ ሌላ ከተማ ሲያሸሽ ገንዘብ የሌለው ልጁን ከቤት አስቀምጧል።

አንዳንድ ነጋዴ «በላቤ ባገኘሁት ገንዘብ ልጄን የፈለግሁበት ባስተምር ማን ይከለክለኛል?» ይል ይሆናል። እውነት አለው፤ የሚከለክለውም አይኖርም። ነገር ግን ሒሳቡን እስከ መጨረሻው ያስላው። ወደ ሩቅ ከተማ የተላከው ልጅ ብዙ ጊዜ ወደ አባቱ ሱቅ አይመለስም። መዝገብ የሚይዝ፣ ከባንክ ጋር የሚጻጻፍ፣ የኤል ሲ ሰነድ አንብቦ የሚረዳ ጸሐፊ ሲፈለግ የሚገኘው እዚያው በከተማው ከተማረው ልጅ መካከል ነው። ያ ልጅ በደንብ ካልተማረ የሚጎድለው የነጋዴው ሥራ ነው። ደንበኛውም ያው ገበሬ ነው፤ ልጁ ተምሮ ደመወዝ ሲያገኝ የሚገዛው ከዚያው ሱቅ ነው።

ስለዚህ እንደ ግምጃ ቤት ባሉ ከተሞች የሚኖሩ ነጋዴዎች ዕቁብና ዕድር ያስተማራቸውን የመተባበር ልማድ ለዚህ ጉዳይ ቢያውሉት መልካም ነው። ከስንቅ ጋር ለሚመላለሱት ተማሪዎች አንድ ማደሪያ ቤት መከራየት፣ የማታ ማጥኛ ክፍልና መብራት ማዘጋጀት፣ የእንግሊዝኛና የሒሳብ አስጠኚ መቅጠር ከአንድ የጭነት መኪና ዋጋ ጋር የሚወዳደር ወጪ አይደለም። ተማሪዎቹ በአባታቸው ስም ሳይሆን በፈተና ውጤታቸውና በችግራቸው ልክ ይመረጡ፤ ሒሳቡም በየዓመቱ በግልጽ ይነበብ። ግምጃ ቤት ቁልፉ በጥቂቶች እጅ ብቻ ሲሆን ዕቃው ውስጡ ይሻግታል።