ተረቱን ሀገርኛ ያደረጉት ሰው

ሰቆጣ ውስጥ በንጉሡ ወይም በደርግ ዘመን ፊደል የቆጠረን ሰው «ከከበደ ሚካኤል አንድ በልልኝ» ቢሉት ብዙ አይቸገርም። የደራሲው ስም ቢጠፋው እንኳ ግጥሙ አይጠፋውም። ስሙ የሚጠፋውም ያለ ምክንያት አይደለም፤ ተረቶቹን ከመጽሐፍ ሳይሆን ከአያቱ አፍ የሰማቸው የሚመስለው ሰው ብዙ ነው። ለልጆች ለሚጽፍ ሰው ከዚህ የሚበልጥ ምስጋና ያለ አይመስለኝም። ከተረቶቹ ከፊሎቹ ባሕር ተሻግረው የመጡ መሆናቸውን ለሚያውቅ ደግሞ ነገሩ ይበልጥ ይደንቃል።

ከበደ ሚካኤል በ1909 ዓ.ም. በሰሜን ሸዋ ተወለዱ። የቤተ ክህነቱን ትምህርት ቀምሰው አዲስ አበባ ገቡ፤ በአሊያንስና በላዛሪስት ሚሲዮን ትምህርት ቤት ፈረንሳይኛ ተማሩ። መደበኛ ትምህርታቸው ከዚያ ብዙም አልገፋም፤ ቀሪውን ያደረሱት በራሳቸው ንባብ ነው። ፈረንሳይኛ ለእሳቸው የጥንት ግሪክም፣ የሮምም፣ የእንግሊዝም መግቢያ በር ሆነ። ከነፃነት በኋላ በትምህርትና በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር አገለገሉ፤ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍትንም መሩ።

ዘመኑን ማስታወስ ያስፈልጋል። በ1933 ዓ.ም. ጣሊያን ሲወጣ ትምህርት ቤቶች እንደገና ተከፈቱ፤ ልጅ ግን በአማርኛ ምን ያንብብ? የፊደል ገበታ ነበረ፣ ዳዊት ነበረ፤ ዳዊቱ ደግሞ ግዕዝ ነው። ተረት ሞልቶ ተርፏል፤ ቤቱ ግን የምድጃ ዳር እንጂ ወረቀት አልነበረም። «ታሪክና ምሳሌ» የመጣው በዚህ ክፍተት ነው። በተከታታይ ክፍሎች የታተመው ይህ መጽሐፍ አጫጭር ታሪኮችንና የግጥም ተረቶችን ይዞ በየትምህርት ቤቱ ገባ፤ መምህራንም ተማሪውን በቃሉ አስያዙት። ግጥሙ በቃል ለመያዝ የተሠራ ያህል ነው፦ ስንኙ አጭር ነው፣ መሐል ላይ ትንፋሽ ይሰጣል፣ ቤቱ በጊዜው ይመታል።

ከተረቶቹ ብዙዎቹ ከግሪኩ ተረተኛ ከኤዞፕ ወገን ናቸው። በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ፈረንሳዊው ላ ፎንቴን በግጥም ያሳመራቸውን የእንስሳት ተረቶች ከበደ በፈረንሳይኛ አንብበው በአማርኛ ሠሯቸው። ሠሯቸው እንጂ ተረጎሟቸው ለማለት ይከብደኛል። ላ ፎንቴን ለቤተ መንግሥት ሰው ነበር የሚያወራው፤ ነገሩ በፈገግታ የተሸፈነ ሽሙጥ ነው። ከበደ ያን ፈገግታ ትተው አጥንቱን ወሰዱ፤ የሀገራችን ሽማግሌ ለሸንጎ በሚናገርበት አማርኛም አለበሱት። የተገዛ ጨርቅ በሀገር ልብስ ሰፊ እጅ ሲገባ እንደሚሆነው ነው፤ የመጣበትን ገበያ የሚጠይቅ የለም። ይህ ልማድ በሀገሩ ሥር ያለው ነው። በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን እጨጌ ዕንባቆም «በራላም ወይዋሰፍ»ን ከዐረብኛ ወደ ግዕዝ ሲመልሱ ታሪኩ በመነሻው የሕንዱ ቡድሃ ሕይወት ነበር፤ አንባቢው የተቀበለው ግን እንደ ቅዱሳን ገድል ነው።

ከሁሉ ይበልጥ በሰው አፍ የቀረው «አዝማሪና የውሃ ሙላት» ነው። መንገደኛ ወንዝ ዳር ይደርሳል፤ ውሃው ሞልቷል። አንድ አዝማሪ ተቀምጦ ለውሃው ያዜማል። ምን ማለትህ ነው ሲለው፣ ደስ ብሎት ጎድሎ እንዲያሻግረኝ እያመሰገንኩት ነው ይላል። መንገደኛው ያዝንለታል፦ ያመሰገንከው ውሃ እኮ ሄዷል፤ አሁን የመጣው ምስጋናህን አልሰማም፤ እሱም ሳይሰማ ያልፋል። ተረቱ የሚወጋው ሰሚ ለሌለው የሚደክመውን ሰው ነው።

ይህን ግጥም የአዲስ አበባ ልጅ እንደ ተረት ሊያነበው ይችላል። ለሰቆጣና ለአካባቢዋ ለዋግ ልጅ ግን የክረምት ዜና ነው። ተከዜ ሲሞላ፣ ጥራሪም ሲደፈርስ፣ ማዶ የቀረ ሰው ውሃው እስኪጎድል ዳር ይዞ ከመቀመጥ ሌላ ምርጫ አልነበረውም፤ እንጉርጉሮ ለመጀመር ከዚያ የተሻለ ቦታም የለ። አሁን ነገሩ በከፊል ተለውጧል። ቁመቱ 188 ሜትር የሆነው የተከዜ ግድብ በ2002 ዓ.ም. ከተመረቀ ወዲህ በአበርገሌና በዝቋላ በኩል ሐይቅ ተኝቷል፤ ሰው በጀልባ ይሻገራል፣ ዓሣም ያሰግራል። የዚያ አካባቢ ብልህ ተማሪ «የሐይቁ ውሃ ግን አይሄድም እኮ፤ ቢዘፍንለት ምናለ?» ብሎ መምህሩን ቢሞግት አልፈርድበትም።

የከበደ ሥራ ከልጆች መጽሐፍ ይሰፋል። «የትንቢት ቀጠሮ»፣ «አኒባል»ና «ካሌብ» የተባሉ ተውኔቶችን ጽፈዋል። የሼክስፒርን «ሮሜዎና ዡልየት» በግጥም መልሰዋል፤ በዚያው በ1946 ዓ.ም. «ጃፓን እንደምን ሠለጠነች»ን አሳትመዋል። «ታላላቅ ሰዎች» የዓለምን ስመ ጥሮች ለተማሪ ያስተዋውቃል። ሁሉንም አንድ ላይ ላየ፣ ልጁንም አዋቂውንም የሚያዩት በአንድ ዓይን ነው፦ ገና ብዙ ሊማር የሚገባው ሰው። ድካማቸውም እዚህ ላይ ነው። ተረቱ በራሱ ተናግሮ ከጨረሰ በኋላ መምህሩ ብድግ ብሎ ያስረዳል። ላ ፎንቴን ምክሩን አንዳንድ ጊዜ አንባቢው እንዲፈልገው ይተወዋል፤ ከበደ ይህን አያምኑበትም። እኔ ከመጽሐፉ የምወድደው እንስሳቱ ሲነጋገሩ ያለውን ነው፤ ማሠሪያውን ብዙ ጊዜ ዘልለው ቢያነቡት ተረቱ አይጎድልም።

ለአማርኛ ሥነ ጽሑፍ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴን ሽልማት አግኝተዋል። ደርግ ቤታቸውን ወረሰ። በመጨረሻ ዘመናቸው አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የክብር ዶክትሬት ሰጣቸው፤ በኅዳር 1991 ዓ.ም. ዐረፉ።

ገጣሚ፣ ተርጓሚና የልጆች ደራሲ በአንድ ሰው መገናኘታቸው በእኛ ዘንድ ብቻ አይደለም። ሕዝቧ 400 ሺህ በማይሞላው በአይስላንድ ቶራሪን ኤልድያርን ለአዋቂም ለልጅም ግጥም ይጽፋል፤ «አሊስ በድንቅ ምድር»ንና ሼክስፒርን ወደ ቋንቋው መልሷል። ተናጋሪው ጥቂት በሆነ ቋንቋ ሥራው የሚከፋፈል አይመስልም፤ የሚጽፍ ሰው የሚተረጉምም እሱ ነው። ዋግ ኽምራ በ1999ኙ ቆጠራ ከ400 ሺህ በላይ ሕዝብ ነበረው፤ ከዚህ ውስጥ ብዙ ሰው አፉን የፈታው በኽምጥኛ ነው፤ በአንደኛ ደረጃም በፊደላችን ተጽፎ ይማርበታል። በኽምጥኛ አፉን ለፈታ ልጅ የከበደ ተረት ራሱ ከባሕር ማዶ የመጣ ያህል ነው፤ አማርኛው ሁለተኛ ቋንቋው ነውና።

ተረቶቹን ወደ ኽምጥኛ ለመመለስ የሚነሣ ሰው ግን ከበደን የገጠማቸው ችግር ሁሉ አይገጥመውም። በፈረንሳይኛ ግሱ መሐል ላይ ይውላል፤ ወደ አማርኛ ሲመጣ ዓረፍተ ነገሩ ፈርሶ ይሠራል። ኽምጥኛ ከአገው ቋንቋዎች አንዱ ነው፤ አማርኛ ግሱን መጨረሻ ላይ ማሠሩን ከአገው እንደወሰደ የቋንቋ አጥኚዎች ይናገራሉ። ስለዚህ የዓረፍተ ነገሩ ቅርጽ ብዙ ሳይናወጥ ይሻገራል። የሚያስቸግረው ቤት መምታቱ ነው። ያን የአማርኛ መልክ በግድ ከማስገባት፣ ኽምጥኛ በሠርግና በለቅሶ የሚዜምበትን የራሱን ስልት ይዞ አዝማሪውን በዚያ ማስዘፈን ይሻላል፤ ከበደም ላ ፎንቴንን ያደረጉት ይህንኑ ነው።