አክታ ምራቅ አይደለም

አክታ ከማንቁርት በታች ባሉት የአየር ቧንቧዎች ውስጥ ተጠራቅሞ በሳል የሚወጣ ዝልግልግ ፈሳሽ ነው። ዝልግልጉ የሚመነጨው ግን በሽታ ሲመጣ ብቻ አይደለም። የጤነኛ ሰው የአየር ቧንቧም ሌት ተቀን ያመነጨዋል። ከ95 በመቶ በላይ የሚሆነው ውሃ ሲሆን፣ እንዲያጣብቅ የሚያደርገው ሙሲን የተባለ ፕሮቲን ነው። ከአየር ጋር የገባ አቧራ፣ የማገዶ ጥላሸትና ተህዋስ እዚያ ላይ ይለጠፋል። ሲሊያ የሚባሉ፣ በዓይን የማይታዩ ፀጉር መሰል ክሮች ደግሞ በሰከንድ ከአሥር ጊዜ በላይ እየተወዛወዙ ዝልግልጉን ከነቆሻሻው ወደ ጉሮሮ ይገፉታል። እዚያ ሲደርስ ሰው ሳያውቀው ይውጠዋል። የአየር ቧንቧ ሲቆጣ ዝልግልጉ ይበዛል፣ ይወፍራል፣ ከተህዋስ ጋር ሲዋጉ የሞቱ ነጭ የደም ሕዋሳትም ይቀላቀሉበታል። ያን ጊዜ ሲሊያዎቹ ብቻቸውን ስለማይችሉት ሳል ያግዛቸዋል፤ አክታ የሚታየውም ያኔ ነው።

ምራቅ ከአፍ፣ ንፍጥ ከአፍንጫ ይመነጫሉ። በአማርኛ ምራቅ የክብር ቦታ አለው፤ በሳል ሰው «ምራቁን የዋጠ» ይባላል፣ አዛውንትም ሲመርቁ እንትፍ እንትፍ ይላሉ። አክታ እንዲህ ያለ ዕድል አልገጠመውም፤ ስሙ ሲነሳ እንኳ ፊት ያስጨፈግጋል። ላቦራቶሪ ውስጥ ነገሩ ይገለበጣል። እዚያ የሚፈለገው አክታ ነው፤ ምራቅ ስለ ሳንባ የሚናገረው እምብዛም ነው።

ሐኪሞች ማይክሮስኮፕ ከማግኘታቸው በፊት አክታን በዓይናቸውና በአፍንጫቸው ይመረምሩ ነበር፤ ዛሬም ቢሆን «ምን ዓይነት አክታ ነው?» ብሎ መጠየቅ አልቀረም። ዝገት የመሰለ አክታ ኒሞኮከስ በተባለው ባክቴሪያ የሚመጣውን የሳንባ ምች ያስጠረጥራል። ሮዝ መልክ ያለው አረፋማ አክታ ልብ ደክሞ ሳንባ ውሃ ሲቋጥር ይወጣል። እጅግ የሚከረፋ ከሆነ ሳንባ ውስጥ መግል ቋጥሮ ሊሆን ይችላል። ደም የቀላቀለ አክታ የሳንባ ነቀርሳን (ቲቢን)፣ ካንሰርንና ሌሎች በርካታ ሕመሞችን ስለሚያመለክት በቸልታ አይታለፍም። አረንጓዴው ቀለም ግን ብዙ ጊዜ በስህተት ይተረጎማል። አክታን አረንጓዴ የሚያደርገው ነጭ የደም ሕዋሳት ተህዋስ ለመግደል የሚጠቀሙበት፣ ብረት ያዘለ ኢንዛይም ነው። ስለዚህ ቀለሙ የሚናገረው ሰውነት እየተዋጋ መሆኑን እንጂ ጠላቱ ባክቴሪያ ይሁን ቫይረስ አይደለም። ቀለሙን ብቻ አይቶ ከመድኃኒት ቤት አንቲባዮቲክ መግዛት መሠረት የለውም።

አክታ እውነተኛ የምርመራ ናሙና የሆነው ሮበርት ኮኽ የሳንባ ነቀርሳን ባክቴሪያ ማግኘቱን እ.ኤ.አ. መጋቢት 24 ቀን 1882 በርሊን ላይ ካስታወቀ በኋላ ነው። የባክቴሪያው ሽፋን ሰም መሰል በመሆኑ ቀለም በቀላሉ አይገባውም፤ አንዴ ከገባው ደግሞ አይለቅም። ፓውል ኤርሊኽ በዚያው ዓመት ይህን ጠባዩን ተጠቅሞ የማቅለሚያ ዘዴ አወጣ፤ ዚልና ኔልሰን ያሻሻሉት ዘዴ በስማቸው እስከ ዛሬ ይሠራበታል። አክታው ስላይድ ላይ በስሱ ይቀባል፣ ይደርቃል፣ ፉክሲን የተባለ ቀይ ቀለም ፈስሶበት ከሥሩ በእሳት ይሞቃል። ከዚያ አሲድና አልኮል ይፈስስበታል። ሌላው ሁሉ ቀዩን ቀለም ሲለቅ የሳንባ ነቀርሳው ባክቴሪያ ይዞት ይቀራል። በመጨረሻም ስላይዱ ሰማያዊ ይቀባል። በሺህ እጥፍ በሚያጎላ ማይክሮስኮፕ ሲታይ በሰማያዊ መደብ ላይ ቀያይ ቀጫጭን ዘንጎች ብቅ ይላሉ። በጤና ተቋማት «ኤኤፍቢ» በሚል አጭር ስም የሚታዘዘው ምርመራ ይህ ነው።

ውጤቱ «አለ» ወይም «የለም» በሚል ብቻ አይጻፍም። ባለሙያው በማይክሮስኮፑ እስከ አንድ መቶ ዕይታ እያዟዟረ ይቆጥራል፤ በመቶው ዕይታ ከ10 እስከ 99 ባክቴሪያ ካገኘ አንድ ፕላስ፣ በእያንዳንዱ ዕይታ ከ10 በላይ ካገኘ ሦስት ፕላስ ይላል። አድካሚ ሥራ ነው፤ በወረፋ መካከል የቸኮለ ዓይን ደግሞ ያሳልፋል። ከሁሉ የሚከፋው፣ በዚህ መንገድ ለመታየት በአንድ ሚሊ ሊትር አክታ ውስጥ ከ5,000 እስከ 10,000 ባክቴሪያ መኖር አለበት። ኤችአይቪ በደማቸው ያለ ሕሙማን አክታ ውስጥ ብዙ ጊዜ ይህን ያህል ስለማይገኝ ቲቢ እያለባቸው «የለም» ተብለው ሊመለሱ ይችላሉ።

ይህን ክፍተት ያጠበበው ጂን ኤክስፐርት የተባለው መሣሪያ ነው። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2010 መጨረሻ ላይ እንዲሠራበት መክሮ፣ ኢትዮጵያን ጨምሮ በብዙ አገሮች ተሰራጭቷል። አክታው ከሚያቀጥነው ኬሚካል ጋር ተቀላቅሎ ካርትሪጅ ውስጥ ይጨመራል፤ መሣሪያው የባክቴሪያውን ዘረመል ፈልጎ አባዝቶ በሁለት ሰዓት ውስጥ ውጤት ይሰጣል። መጀመሪያ ሲወጣ በአንድ ሚሊ ሊትር 130 ያህል ባክቴሪያ ይበቃው ነበር። ሪፋምፒሲን የተባለውን ዋና መድኃኒት የተላመደ መሆን አለመሆኑንም አብሮ ይናገራል። ከ130 ያነሰ ባክቴሪያ እንኳ የሚያገኘው ካልቸር፣ ማለትም ባክቴሪያውን ላቦራቶሪ ውስጥ ማሳደግ ነው፤ ችግሩ ትዕግሥት መጠየቁ ነው። የሳንባ ነቀርሳ ባክቴሪያ ለሁለት ለመከፈል 20 ሰዓት ገደማ ስለሚፈጅበት፣ በእንቁላል በተሠራ መደብ ላይ እስኪያድግ እስከ ስምንት ሳምንት መጠበቅ ያስፈልጋል።

መሣሪያው የቱንም ያህል ቢራቀቅ፣ ኩባያው ውስጥ ያለው ምራቅ ከሆነ ዋጋ የለውም። ላቦራቶሪ ይህን የሚለየው በማይክሮስኮፕ ነው፤ ከአፍ ግድግዳ የተላጡ ጠፍጣፋ ሕዋሳት በዝተው ነጭ የደም ሕዋሳት ካነሱ፣ ከቲቢ ውጭ ላሉ ባክቴሪያዎች ካልቸር የተላከው ናሙና ምራቅ ነው ተብሎ ሌላ ይጠየቃል። ጉዳዩ ከሕመምተኛው ፈቃደኝነት ይልቅ በማስረዳት ላይ የተንጠለጠለ ነው። በፓኪስታን ራዋልፒንዲ ከተማ የተካሄደና እ.ኤ.አ. በ2007 የታተመ ጥናት ይህን በግልጽ አሳይቷል። አክታ እንዴት እንደሚወጣ አጭር ማብራሪያ ከተሰጣቸው ሴቶች 13 በመቶው በማይክሮስኮፕ ቲቢ ሲገኝባቸው፣ ካልተሰጣቸው ግን 8 በመቶው ብቻ ነበሩ። በሰው ፊት አክ ማለት ነውር በሆነበት አገር ሁሉ፣ ኢትዮጵያም ጭምር፣ ብዙ ሰው አፉን ሸፍኖ ምራቁን ሰጥቶ ቢሄድ አያስገርምም።

ማብራሪያው ቀላል ነው። አፍን በውሃ መጉመጥመጥ፣ አየር ደጋግሞ በጥልቀት ስቦ ማስወጣት፣ ከዚያም ከደረት ሥር ጠንክሮ መሳል። የሚፈለገው ከሦስት እስከ አምስት ሚሊ ሊትር፣ ማለትም አንድ የሻይ ማንኪያ ያህል ነው። ሌሊቱን ሲጠራቀም ያደረው የጠዋት አክታ ይመረጣል። ቦታው ክፍል ውስጥ ሳይሆን ከሰው ራቅ ያለ ሜዳ ቢሆን ይሻላል፤ በሳል የሚበተነውን ነፋስ ይወስደዋል፣ ፀሐይም ያዳክመዋል። ስም የሚጻፈው ደግሞ በኩባያው አካል ላይ እንጂ በክዳኑ ላይ አይደለም። ክዳን ይቀያየራል፤ ክዳን ሲቀያየር በሽታም ከአንዱ ሰው ወደ ሌላው መዝገብ ይዛወራል።

መሣሪያ የሌለው ጤና ጣቢያ ናሙናውን ወዳለው ይልካል። በኢትዮጵያ ይህን ሥራ ከወሰዱት አንዱ የፖስታ አገልግሎት ነው፤ ደብዳቤ ያመላልስ የነበረው መሥሪያ ቤት በሦስት ድርብ የታሸገና የቀዘቀዘ አክታ ወደ ላቦራቶሪ ያደርሳል።

አክታ የሚመረመረው ለቲቢ ብቻ አይደለም። ዴንማርካዊው ሃንስ ክርስቲያን ግራም እ.ኤ.አ. በ1884 በሳንባ ምች የሞቱ ሰዎችን ሳንባ ሲያጠና ያገኘው የማቅለሚያ ዘዴ ዛሬም የሳንባ ምች ባክቴሪያን ለመለየት ያገለግላል። በአስም ሕሙማን አክታ ውስጥ ኢዎሲኖፊል የተባሉት ነጭ የደም ሕዋሳት መብዛት የትኛው መድኃኒት እንደሚስማማ ይጠቁማል። የሳንባ ካንሰር ሕዋሳትም አንዳንዴ በአክታ ይወጣሉ፤ ዕጢው ከትልልቆቹ የአየር ቧንቧዎች ርቆ ከሆነ ግን ብዙውን ጊዜ አይገኙም።

አስቸጋሪዎቹ አክታ የማይተፉት ናቸው። ሕፃናት ከሳንባ የወጣውን ይውጡታል። ስለዚህ ለረጅም ጊዜ ጠዋት ሳይበሉ በቱቦ ከጨጓራቸው ፈሳሽ ይቀዳ ነበር፤ ለልጁም ለእናቱም የሚከብድ ነገር ነው። የባክቴሪያው ዘረመል በአንጀት አልፎ ስለሚወጣ ዛሬ ሰገራቸውን በጂን ኤክስፐርት መመርመር ተችሏል፤ ኢትዮጵያም ይህን ቀድመው ከሞከሩት አገሮች አንዷ ናት። ለአዋቂ ደግሞ ጨዋማ ውሃ በጉም መልክ እንዲተነፍስ ተደርጎ ሳል ይቀሰቀሳል። የሊምፍ ዕጢን፣ አጥንትን ወይም አንጎልን ብቻ የያዘ ቲቢ ግን በአክታ አይታይም።

ሕክምና ከተጀመረም በኋላ አክታ ይፈለጋል። በሁለተኛው፣ በአምስተኛውና በስድስተኛው ወር በማይክሮስኮፕ ይታያል፤ ጂን ኤክስፐርት የሞተ ባክቴሪያ ዘረመልንም ስለሚያገኝ ለዚህ አይሆንም። በመዝገብ ላይ «ዳነ» ተብሎ ለመጻፍ አክታው ንጹሕ መሆኑ መረጋገጥ አለበት። አንዳንዱ ሕመምተኛ ግን በመጨረሻው ወር ሳሉ ስለሚተወው ኩባያውን ባዶውን ይመልሳል፤ መዝገቡም «ሕክምናውን ጨረሰ» ይለዋል።