በቡና ጓሮ ለወፎች የሚተው ፍሬ

በወርቃና በሌሎችም የጌዴኦ ቀበሌዎች ቡናና እንሰት የሚለሙት በትልልቅ ዛፎች ጥላ ሥር መሆኑ ይታወቃል። ከእነዚህም ሾላ «ፍሬው አይሸጥ፣ ቦታ ይዟል» እየተባለ ሲቆረጥ እናያለን። በእኛ አስተያየት ይህ ትርፍ የለውም። ሾላ ሌሎች ዛፎች ፍሬ በሌላቸው ወራትም ስለሚያፈራ ወፎችን በጓሮው ያቆያል። ወፎቹም ከሌላ ስፍራ የበሉትን የዋንዛና የጥቁር እንጨት ዘር ከሥሩ ይጥላሉ። የጥቁር እንጨት ዘር ከደረቀ የመብቀል ኃይሉን ቶሎ ስለሚያጣ አስቀምጦ መዝራት አስቸጋሪ ነው።

ፓፓያና ሙዝ ቆርጦ ለወፍ ማኖርም ይቻላል፤ ድመት ከማይደርስበት ይሰቀል፣ የበሰበሰው በየዕለቱ ይነሣ። ለዚህ ሲባል ግን ፍሬ መግዛት አያስፈልግም።

የልማት ሠራተኞች ከምንጣሮ በፊት ከሾላው ሥር የበቀሉትን ችግኞች በእንጨት ያስመልክቱ። ማኅበራትም ዝናብ ሲይዝ ከነአፈራቸው አንሥተው ጥላ ወደሳሳበት ማሳ ያዛውሯቸው።