ተጨማሪ መረጃ፦ በነጻ የተሰናበተ ተከሳሽና የይግባኝ ዳኝነት በሕንድ

በሕንድ አገር በካስት ሥርዓት ከሁሉ በታች ተደርገው የኖሩትን ዳሊቶች ከግፍ ለመጠበቅ በ1989 እ.ኤ.አ. የወጣው ሕግ፣ ከ2016 ጀምሮ በጸናው ማሻሻያው፣ ልዩ ፍርድ ቤት ተከሳሹን በነጻ ሲያሰናብት ጉዳዩ በፍሬ ነገርም በሕግም እንደ ገና እንዲመረመር በ90 ቀን ውስጥ ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ይግባኝ ማለትን ፈቅዷል። ሆኖም አስቀድሞ ንጹሕ ሆኖ የሚገመተው ሰው በፍርድ ነጻ ሲወጣ ግምቱ እጥፍ ስለሚጸና፣ የበላይ ዳኞች ማስረጃውን ሁሉ የመመርመር ሙሉ ሥልጣን ቢኖራቸውም፣ የበታቹ ውሳኔ ከማስረጃው ጋር የሚስማማ ሆኖ ካገኙት፣ እነርሱ ሌላውን ቢመርጡ እንኳ አይሽሩትም። የዚህ ደንብ መሠረቱ ርትዕ ነው፤ ነገር ግን ምስክሮቹ ድሆችና ግፉዓን በሆኑበት ስፍራ የማስረዳቱ ሸክም እጅግ ይከብዳል። ለምሳሌ በ1997 በቢሃር ክፍለ አገር፣ በላክሽማንፑር ባቴ መንደር፣ ሴቶችና ሕፃናት ሳይቀሩ 58 ነፍሳት ስለ ጠፉበት ግድያ በ2010 የተፈረደባቸውን 26 ሰዎች የፓትና ከፍተኛ ፍርድ ቤት በ2013 በነጻ ሲያሰናብታቸው፣ የክፍለ አገሩ መንግሥት ይግባኙን ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ወሰደው።