ወረቀቱ የጣለውን ካሜራው ያዘ

«ፕሬሱንቶ ኩልፓብሌ» የሜክሲኮ ዘጋቢ ፊልም ነው፤ ወደ አማርኛ ሲመለስ «ጥፋተኛ ነው ተብሎ የተገመተ» እንደማለት ነው። ከሠሩት መካከል ሮቤርቶ ኤርናንዴዝ እና ላይዳ ኔግሬቴ የተባሉት ባልና ሚስት የሕግ ባለሙያዎች ናቸው።

አንቶኒዮ ዙኒጋ በሜክሲኮ ሲቲ ገበያ የሚነግድ ወጣት ነበር። እ.ኤ.አ. በ2005 መጨረሻ ፖሊሶች ከመንገድ ላይ ይዘው በነፍስ ግድያ ከሰሱት። እጁ ላይ የባሩድ ምልክት አልተገኘም፤ ግድያው ሲፈጸም መደቡ ላይ እንደነበር ያዩ ሰዎችም ነበሩ። ይሁንና አንድ የሟች ዘመድ «እሱ ነው» ብሎ ስለመሰከረ 20 ዓመት ተፈረደበት።

ባልና ሚስቱ መዝገቡን ሲያገላብጡ የተከላካይ ጠበቃው ፈቃድ ሐሰተኛ ሆኖ አገኙት። ጉዳዩ እንደገና እንዲታይ ተወሰነ። ካሜራ ይዘው ችሎት ለመግባትም ተፈቀደላቸው።

በዚያን ጊዜ የሜክሲኮ የወንጀል ክርክር በጽሑፍ ላይ የቆመ ነበር። ተከሳሹ ከፍርግርግ ጀርባ ይቆማል፤ የችሎት ጸሐፊ የተባለውን ይተይባል፤ ዳኛው ችሎት ባይቀመጥ እንኳ የተተየበውን ይዞ ይፈርዳል። የምስክር መንተባተብም ሆነ የመርማሪ ዝምታ ወረቀት ላይ አይሰፍርም። ካሜራው ግን አሰፈረው። አንቶኒዮ በፍርግርጉ በኩል ምስክሩን ፊት ለፊት ሲጠይቀው፣ ምስክሩ ተኳሹን እንዳላየ አመነ። መርማሪዎቹ ስለ እስሩ ሲጠየቁ «አላስታውስም» አሉ። ዐቃቤ ሕጓ ደግሞ ለምን እንደምትከሰው ስትጠየቅ ሥራዋ ስለሆነ እንደሆነ ፈገግ ብላ ተናገረች። ይህን ደራሲ ቢፈጥረው ማን ያምነው ነበር?

ችሎቱን የያዘው ያው የመጀመሪያው ዳኛ ነበርና አሁንም 20 ዓመት ፈረደ። ቀረጻው ለይግባኝ ሰሚ ዳኞች ሲቀርብ ነገሩ ተገለበጠ፤ አንቶኒዮ በ2008 ነፃ ወጣ።

ዘጋቢ ፊልም ፍትሕን የሚያግዘው ሕዝብን በማስቆጣት ነው የሚሉ አሉ። ይህኛው ግን ሲኒማ ቤት ሳይደርስ በፊት ዋና ሥራውን ጨርሶ ነበር፤ መጀመሪያ ማስረጃ ሆነ፣ ፊልም የሆነው በኋላ ነው። ለእኔ ትልቁ ብልሃቱ ይኸው ነው።

በ2011 ለሕዝብ ሲታይ ያ ምስክር ፊቴ ያለ ፈቃዴ ታየ ብሎ ከሰሰ፤ አንዲት ዳኛም ፊልሙን ለጊዜው አገደች። እገዳው ብዙም ሳይቆይ ተነሣ፤ ወሬው ግን ተመልካቹን አበዛው፤ ከሚሊዮን በላይ ሰው አየው። ቢሆንም የምስክሩ ቅሬታ ተንቆ የሚታለፍ አይደለም። ፈርቶ ወይም ተገፋፍቶ የመሰከረ ሰው መልኩ በየአደባባዩ ሲታይ ያለበትን አደጋ ፊልም ሠሪ አስቀድሞ ሊያስብበት ይገባል።

ሕጉን የለወጠው ፊልሙ ነው ማለት ግን ማጋነን ነው። ሜክሲኮ የቃል ክርክርን በሕገ መንግሥቷ ያሰፈረችው በ2008፣ ፊልሙ ሲኒማ ቤት ከመግባቱ በፊት ነው። በ2014 የወጣው ብሔራዊ የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕጓ ደግሞ እያንዳንዱ ችሎት በቴክኖሎጂ መሣሪያ እንዲቀረጽ ያዝዛል።